ሟቹን ሞቆት ነው

ሰኞ፣ ሴፕቴምበር 5 ቀን 1966፣ ፓሪስ

ይህን ደብተር የገዛችልኝ ባለቤቴ ክሎቲልድ ናት። «ማታ ማታ እኔ ላይ ከምትጮህ እዚህ ላይ ጻፈው» አለችኝ። ጮኬ አላውቅም። ያለኝ የተዋናይ ድምፅ ነው። ሠላሳ ስምንት ዓመት እንጀራ የበላሁበት ድምፅ ዛሬ ተነስቶ ጩኸት ሆነ?

ለማንኛውም ደብተሩን የምጀምረው በደስታ ነው። ሥራ አግኝቻለሁ፤ ያውም ተራ ሥራ አይደለም። በፊልሙ አንድ የወይን እርሻ ያለው ሀብታም ይሞታል፣ ቤተ ዘመዱ ለኑዛዜው ይሰበሰባል፣ ሁሉም ሁሉንም ይጠረጥራል። እኔ የሟቹ ታናሽ ወንድም፣ አጎት ባርናቤ ነኝ። አጎት ባርናቤ ስድሳ ሁለት ጊዜ ይናገራል። ሁለት ጊዜ ቆጥሬ አረጋግጫለሁ። በመቶ ሠላሳ አንድ ፊልም ተጫውቼ በአንዱም ከአሥራ አራት ጊዜ በላይ ተናግሬ አላውቅም፤ ያውም ግማሹ «አቤት ጌታዬ»፣ ግማሹ «እጅ ወደ ላይ!» ነበር።

ዳይሬክተሩ ቲየሪ ማልሶ ይባላል፤ ሃያ ዘጠኝ ዓመቱ ነው። በጣም ጎበዝ ነው ይላሉ። ብቻ ሲናገር ከንፈሩ አይላቀቅም፤ ቃሉ ሁሉ ጢሙ ውስጥ ይቀራል። የዛሬ ልጆች ሁሉም እንደዚያው ናቸው። ማጉተምተም ፋሽን ሆኗል።

ከእኛ በታች ባለው ፎቅ ያለችው ማዳም ፑጆል በበር ሥር ደብዳቤ አስገብታለች። ሦስተኛዋ ነው። «ቴሌቪዥናችሁ ሙት ይቀሰቅሳል። ጣሪያዬን በመጥረጊያ እንጨት ስደበድብ ባድርም የሚመልስልኝ የለም» ትላለች። ጣሪያ ሲደበደብ ሰምቼ አላውቅም። ሴትዮዋ ጤንነቷን እንጃ።

ሐሙስ፣ ሴፕቴምበር 8

ገበያ። አይብ ሻጩ ትክ ብሎ አየኝና «እርስዎን የማውቅዎ ይመስለኛል» አለኝ። ደረቴን ነፋሁ። «የቧንቧ ሠራተኛው አይደሉም?» አለ። በ1949 በአንድ ፊልም ላይ የቧንቧ ሠራተኛ ሆኜ ስለነበር «እንዴታ፣ ነኝ» አልኩት። «እንግዲያው የእህቴን ማጠቢያ ለምን ጨርሰው አልሄዱም?»

አንዲት አሮጊት ደግሞ አውቶቡስ ውስጥ አማተቡ። «ውይ! አልሞቱም እንዴ?»

ሰኞ፣ ሴፕቴምበር 12፣ ቪላር-ሱ-ቪኝ

ቡርጎኝ ደረስን። መንደሩ አንድ ቤተ ክርስቲያን፣ አንድ መጠጥ ቤት፣ የቀረው ወይን ነው። ያረፍነው ማዳም ቦርኒሾን ዘንድ ነው፤ ሾርባዋ ወፍራም፣ አልጋዋ ቀጭን።

ጠረጴዛ ዙሪያ ተቀምጠን ጽሑፉን አነበብን። የወንድሜን ልጅ የምትሠራው ዦዜት አርዱዋን የሃያ ሁለት ዓመት ልጅ ናት። ጨዋ ልጅ ናት፤ ግን እሷም ታጉተመትማለች። ሁለት ጊዜ ተራዬ አለፈኝ። ማልሶ አንድ ነገር አለ፤ ሰዎች ሳቁ፤ እኔም አብሬ ሳቅኩ። ስስቅ እነሱ አቆሙ።

ፕሮዲዩሰሩ ሙሴ ዴልፑሽ ሲጋራ እንደ ቡሽ አፉ ላይ ወትፎ ነው የሚያወራው። እግዚአብሔር ራሱ የዚህን ሰው ጸሎት የሚሰማ አይመስለኝም።

ክሎቲልድ ደወለች። የቡርጎኝ የስልክ መስመር የማይረባ ነው። ለሁሉም «እሺ» አልኳት።

ሐሙስ፣ ሴፕቴምበር 15

ዛሬ በሕይወቴ ምርጡን ሥራ ሠራሁ። የወንድሜ አስከሬን አጠገብ ብቻዬን ተቀምጬ የምናገረው ረጅሙ ንግግር ነበር። ጽሑፉን ጨረስኩ፤ «በቃ» የሚል ስላልነበረ ከራሴ ጨመርኩ። ስለ ልጅነታችን አወራሁ። አለቀስኩ። አንድ መዝሙርም አወጣሁ።

ዘወር ስል ቤቱ ባዶ ነው። አንድ የመብራት ሠራተኛ ብቻ ጥግ ላይ ተቀምጦ ዳቦ በቋሊማ ይበላል። ሌሎቹ ስሜቱ ከብዷቸው ወጥተው ነው ብዬ ልቤ ተነካ።

በኋላ ሲነግሩኝ ምሳ ሰዓት ነበር። ማልሶ አራት ጊዜ «አቁሙ!» ብሎ ነበር ይላሉ። በጢሙ ውስጥ ብሎ ይሆናል።

ቅዳሜ፣ ሴፕቴምበር 17

ዦዜት ዛሬ ልቧ እዚህ አልነበረም። አጠገቤ መጥታ፣ ዓይኗ እንባ አቅርሮ፣ «እናቴ በጣም ታምራለች» አለችኝ። ልጅ እናቷን እንዲህ ስታደንቅ ደስ ይላል። «ይኼማ አንቺን አይቶ የሚታወቅ ነው! አባትሽን እንኳን ደስ ያለህ በይልኝ» አልኳት።

አፏን ከፍታ አየችኝና እያለቀሰች ሮጠች። የዛሬ ልጆች ሙገሳ እንኳን አይችሉም።

ሰኞ፣ ሴፕቴምበር 19

ዦዜት ከፓሪስ በማታው ባቡር ተመለሰች። እናቷ ሆስፒታል ገብታ ኖሯል፤ ቀዶ ጥገናው በደህና አለቀ፤ ተመስገን። ቅዳሜ ስለ ውበቷ ያን ያህል ስታወራኝ መታመሟን ለምን እንዳልጠቀሰች አልገባኝም።

የመዋቢያ ክፍሏ ሴት ዛሬ ፊቴ ላይ ዱቄቱን እንደ ጥፊ ነው የቀባችኝ።

ረቡዕ፣ ሴፕቴምበር 21

ጉድ ፈላ።

ጠዋት ግድግዳ ላይ ወረቀት ተለጥፎ አገኘን። «ከዛሬ ጀምሮ ጽሑፍ የለም። የሚባለውን ሰምታችሁ ከልባችሁ መልሱ። ማልሶ።» አዲስ ዘዴ ነው አሉ። ስድሳ ሁለቱ ንግግሬ! በቃሌ የያዝኳቸው፣ ከክሎቲልድ ጋር ኩሽና ውስጥ አንድ ወር ያጠናኋቸው!

ትዕይንቱ ይህ ነው፤ ቤተ ዘመዱ አልጋውን ከብቦ ቆሟል፣ ዦዜት ወደ ወንድሜ ጎንበስ ትላለች፣ ቀና ትላለች፣ ለእኔ ትነግረኛለች፣ እኔ ከልቤ እመልሳለሁ። ጎንበስ አለች። ቀና አለች። «አጎቴ! ሞቆት ነው!» አለችኝ።

«ታዲያ ሞቆት ከሆነ ምን ታፈጣላችሁ?» አልኩ። «መስኮቱን ክፈቱለታ!» ማንም ስላልተንቀሳቀሰ ራሴ ሄጄ ከፈትኩ። ብርድ ልብሱን ገፈፍኩለት። በባርኔጣዬም አራገብኩለት።

አስከሬኑን የሚሠራው የመንደሩ ፖስተኛ ነው። ሆዱ መንቀጥቀጥ ጀመረ። ከዚያ ተነስቶ ተቀመጠና ፊቱን በትራስ ሸፈነ። ማልሶ ወጥቶ ወይኑ መሀል ገባ። በመስኮቱ አየሁት፤ ራሱን ይዞ እየዞረ ነበር።

ጽሑፍ የምትከታተለው ልጅ ወረቀት ላይ ጽፋ አሳየችኝ። «ሞቶ ነው» ነው ያለችዎት፣ ትላለች። የአንዲት ፊደል ነገር ነው እኮ! ልጅቷ አጥርታ ብትናገር ምን ነበረበት?

ዓርብ፣ ሴፕቴምበር 23፣ ሌሊት

እንቅልፍ እምቢ አለኝ።

ዛሬ መዋቢያ ክፍል መስታወት ፊት ተቀምጬ ከኋላዬ ማልሶና ዴልፑሽ ያወሩ ነበር። ድምፃቸውን ለመስማት አልሞከርኩም፤ ሰው ሲያወራ ማድመጥ ነውር ነው። ግን ዴልፑሽ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲጋራውን ከአፉ አወጣ፤ እኔ ደግሞ ከንፈር ማንበብ የለመድኩት ድሮ ነው። «ካባሩን እንጥራው» አለ።

ሌዮንስ ካባሩን!

ይህን ስም በዚህ ደብተር ላይ ላለመጻፍ ምዬ ነበር። ሠላሳ ዓመት ሙሉ የእኔን ሥራ የሚወስደው እሱ ነው። እሱም እንደ እኔ ራሰ በራ፣ እሱም እንደ እኔ ደንዳና፣ እሱም እንደ እኔ ስሙን ማንም የማያውቀው። በ1938 ጳጳስ ልሆን ተስማምቼ፣ ቀሚሱም በልኬ ተሰፍቶ፣ በመጨረሻው ቀን ካባሩን ጳጳስ አድርገው እኔን ደወል ደዋይ አደረጉኝ። ሰዎች መንገድ ላይ ያቆሙኝና «ሙሴ ካባሩ፣ ይፈርሙልኝ» ይላሉ። እፈርምላቸዋለሁ። በመጥፎ እጅ ጽሑፍ፣ ከፊደል ግድፈት ጋር።

እኔ ይህን ሥራ የጀመርኩት ፊልም አፍ ሳያወጣ ነው። በ1928 የመጀመሪያ ፊልሜ ላይ ሌባ የማሳድድ ፖሊስ ነበርኩ፤ ኩሬ ውስጥ ገባሁ። በዓመቱ ድምፅ መጣ። ቆንጆዎቹ አፋቸውን ሲከፍቱ አንዱ እንደ ጫጩት ጮኸ፣ ሌላው በአፍንጫው ዘፈነ፤ ግማሾቹ በአንድ ክረምት ጠፉ። እኔ አፌን ስከፍት ከበርሜል የሚወጣ ድምፅ ወጣ። «ይህ ፊትና ይህ ድምፅ አንድ ላይ ተፈጥረዋል» አሉ። ከዚያ ወዲህ አሥራ ሰባት ጊዜ ፖሊስ፣ ዘጠኝ ጊዜ ቄስ፣ ስድስት ጊዜ ሥጋ ሻጭ ሆኛለሁ። አርባ አንድ ጊዜ ሞቻለሁ፤ ተሰቅዬ፣ ተመርዤ፣ አንድ ጊዜም ፒያኖ ወድቆብኝ። ሴት የሳምኩት አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ እሷም አክስቴ ነበረች፤ ግንባሯን።

አንድም ጊዜ ግን ከሥራ ተባርሬ አላውቅም። አንድም ጊዜ።

ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይባላል። ሰው ሁሉ ከኋላዬ ያንሾካሹካል። ሦስት ዓመት ሆነው፤ ገበያውም፣ ቤቱም፣ ሥራውም ሹክሹክታ ብቻ ሆኗል። ምን አደረግኳቸው?

ማክሰኞ፣ ሴፕቴምበር 27

ዘዴ አገኘሁ። ሰው ሲናገር አገጩን አያለሁ። አገጭ ሲቆም ተራዬ ነው። መልሴም ሁሌ አንድ ነው፤ «እሱንስ ተወው» እላለሁ። ለብዙ ነገር ይሆናል።

ዦዜት አንድ አመል አውጥታለች፤ ተራዬ ሲደርስ ክርኔን ትቆነጥጠኛለች። በእናቷ ጉዳይ ያደረባት ጭንቀት ነው መሰለኝ፤ ዝም ብያታለሁ። የሚገርመው ቁንጥጫው ሁልጊዜ ልክ በሰዓቱ ነው።

ክርኔ ጠቁሯል።

ዓርብ፣ ሴፕቴምበር 30

ካባሩ መጣ።

እራት ላይ ነበርኩ። በሩን ከፍቶ ባርኔጣውን አወለቀ፤ ማዳም ቦርኒሾን አንዴ እኔን አንዴ እሱን አየችና ዓይኗን አሸች። ሳይጠራ ፊት ለፊቴ ተቀመጠ።

«ሙሴ፣ ሥጋ ይፈልጋሉ?» አለችው። እሷን እሰማታለሁ፤ የገጠር ሴት ስለሆነች አጥርታ ነው የምትናገረው።

«ሥራ?» አለ ካባሩ። «አልፈልግም! ሥራ እንደማልፈልግ ልነግራችሁ ነው ከፓሪስ ድረስ የመጣሁት!»

«ሥጋ ነው ያልኩት፣ ሙሴ።»

«ምንም ቢሆን! ከዚህ ሰውዬ አፍ ነጥቄ አልበላም!»

ሴትዮዋ ድስቷን ይዛ ተመለሰች።

«አንሰልም» አለኝ ካባሩ፤ ጠረጴዛውን በሙሉ ደረቱ ተሻግሮ፣ አፉን በደንብ እየከፈተ። «የወንድምህን መስኮት ከፈትክለት አሉ።»

«ማን ነገረህ?»

«አገር ሁሉ ነዋ! ዴልፑሽ ስልክ ደውሎ ‹ተክቶ የሚሠራ እንፈልጋለን፣ ሰውዬው አይሰማም› አለኝ። እኔ የሰማሁት ግን ‹አይስማማም› የሚል ነው። ‹እሱማ ድሮም አይስማማም› አልኩት። ከዚያ ሚስቴ ስልኩን ነጥቃኝ አስረዳችኝ።»

ሹካዬን አስቀመጥኩ።

«አንተም?» አልኩት።

ከደረት ኪሱ አንድ ነገር አወጣና ጠረጴዛው ላይ አኖረው። የዶሮ አጥንት የሚመስል፣ ጅራት ያለው ነገር ነው። «መስሚያዬ ነው፤ ካደረግኩት አራት ዓመቴ» አለ። «ጆሮዬ ላይ ሳደርገው ሰው አየኝ አላየኝ እያልኩ አብዛኛውን ጊዜ ኪሴ ውስጥ ነው። ኪሴ ጥሩ አድርጎ ይሰማል።»

እኔ እንዲህ አልኩ፤ «የዛሬ ልጆች ያጉተመትማሉ እንጂ...»

«አንሰልም። ማዳም ቦርኒሾን ለምን ትሰማታለህ?»

«አጥርታ ስለምትናገር።»

«ባሏ ወፍጮ ቤት አርባ ዓመት ሠርቶ ነው። ለሱ ስትጮህ ለምዳ ነው። መንደሩ ሁሉ ይሸሻታል።»

ከዚያ የጳጳሱን ነገር አነሳሁበት። «ቀሚሱ ጠቦኝ ነበር» አለ። «በየቦታው የምፈርመውስ የአንተን ስም አይደል? እኔ ግን ቆንጆ አድርጌ ነው የምፈርምልህ።»

መሬት ተከፍታ በዋጠችኝ። አንድ ጠርሙስ ቀይ ወይን አዘዝኩለት።

ቅዳሜ፣ ኦክቶበር 1

እጽፈዋለሁ፤ ክሎቲልድ ወረቀት ላይ ጩህ ብላኝ የለ። አልሰማም። በግራዬ ምንም፤ በቀኜ ትንሽ ትንሽ። ሦስት ዓመት ሆኖኛል። ይኸው።

ካባሩን ባቡር ጣቢያ ሸኝቼ በቀጥታ ማልሶ ዘንድ ሄድኩ። «ልጄ» አልኩት፣ «ሥራህን አበላሸሁብህ። ሆነ ብዬ አይደለም። ጆሮዬ ነው። ሌላ ሰው ፈልግ።»

ማልሶ ጢሙን በሁለት ጣቱ እንደ መጋረጃ ከፍቶ፣ ጆሮዬ ሥር መጥቶ ጮኸ።

«ሆነ ብለው አይደለም?»

«አይደለም።»

«መስኮቱንም?»

«መስኮቱንም።»

ወንበር ላይ ተዘረጋ። ነገሩን የነገረኝ ከዚያ በኋላ ነው። ካባሩ በተጠራ በማግስቱ የተቀረጸው ፊልም ሁሉ ታጥቦ ከፓሪስ ተመልሶ ነበር። መስኮቱን ስከፍት ዴልፑሽ ሲያይ ከሳቅ ብዛት የሲጋራውን ጫፍ ውጦ ጀርባውን ደበደቡት። «ይኼ አሳዛኝ ፊልም መሆኑ ቀርቷል፤ ሰውዬውን እንዳትነኩት» አለ። ለአንድ ጋዜጠኛም «አንሰልም ፔርጎ ረቂቅ ጥበበኛ ነው» ብሎ ተናግሯል።

«እኔ አሳዛኝ ፊልም ልሠራ ነበር የመጣሁት፣ ሙሴ አንሰልም» አለ ማልሶ። «እናቴ ‹አንድ ቀን ሰው የሚያስለቅስ ነገር ትሠራለህ› ትለኝ ነበር።»

አሳዘነኝ። ትከሻውን መታ መታ አደረግኩት። «ጆሮዎ መሆኑን ለዴልፑሽ ባይነግሩትስ?» አለኝ።

ሰኞ፣ ኦክቶበር 3

ክሎቲልድ በጠዋቱ ባቡር መጣች። ቅዳሜ ማታ በማዳም ቦርኒሾን አፍ ስልክ አስደውዬላት ነበር፤ ሴትዮዋ ያለ ስልክም ፓሪስ ትሰማ ነበር።

ቦርሳዋን ከፈተችና እንደ ካባሩ ያለ መሣሪያ አወጣች። በጆሮዬ ልክ የተሠራ!

«መቼ አሠራሽው?»

«ከፋሲካ ጀምሮ መሳቢያዬ ውስጥ ነው። ጆሮህን ልትታጠብ ስትሄድ ሐኪሙ ልክህን ወስዶ ነበር።»

«ለምን ሐኪሙ ለእኔ አልነገረኝም?»

«ነግሮሃል እኮ፣ አንሰልም። ‹እሺ፣ ለሚስትዎም ሰላም ይበሉልኝ› ብለኸው ወጣህ።»

ረቡዕ፣ ኦክቶበር 5

ዓለም እንዲህ ትጮሃለች ብሎ የነገረኝ የለም። ቁራ። ሹካ። ወረቀት። ሳኝክ የራሴ ጥርስ እንደ ጋሪ ይንቋቋል። ጫማዬ በየእርምጃው ሲጥ ይላል፤ የድምፅ ሠራተኛው ለሦስት ሳምንት ለምን እንደ ባላንጣ ሲያየኝ እንደነበር ገባኝ።

ሰው ከኋላዬ ሲያንሾካሹክ ዞሬ አደመጥኩ። ስለ ምሳ ነው የሚያወሩት። መዋቢያ ክፍልም ስለ ምሳ፣ ካሜራው ጋም ስለ ምሳ። ሦስት ዓመት ሙሉ ስለ እኔ የመሰለኝ ስለ ድንች ኖሯል።

ዦዜትን ጥግ ይዤ ስለ እናቷ ይቅርታ ጠየቅኳት። «አባቴ እንኳን ደስ ያለህ ስለው በጣም ነው የሳቀው» አለች። «ለሁለት ሳምንት የሳቀው እሱን ብቻ ነው።» ለክርኔ እሷም ይቅርታ ጠየቀችኝ።

ከሰዓት በኋላ ቀረጻ። ሁሉንም ሰማሁ። ለሁሉም በትክክል መለስኩ። እንደ ሰዓት። ሲያልቅ የሚስቅ የለም። ማልሶ ቀስ ብሎ መጣ።

«ሙሴ አንሰልም፣ እንዴት ልበልዎ... ያንን ነገር ለአንድ ሰዓት ያህል ቢያወልቁት?»

ወደ ክፍሌ ወጣሁ። እራት አልበላሁም። እንግዲህ የሳቁት በእኔ ሳይሆን በጆሮዬ ነው። ሠላሳ ስምንት ዓመት ለፍቼ ጥሩ ተዋናይ የወጣው የጎደለኝ ነገር ነው። ክሎቲልድ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጣ የካልሲዬን ቀዳዳ ትሰፋለች።

«ፒያኖ ሲወድቅብህ የምር ፒያኖ ነበር?» አለችኝ፣ ቀና ሳትል።

«ከካርቶን ነበር። ምን ለማለት ነው?»

«ምንም። ስጠይቅህ ነው።»

ሐሙስ፣ ኦክቶበር 6

አርባ አንድ ጊዜ ሳልሞት ሞቼ የሠራሁ ሰው፣ እየሰማሁ አለመስማት ያቅተኛል?

ለማልሶ «አላወልቅም» አልኩት። «ጠጉር ቢጤ ፈልጉና ሸፍኑልኝ።» ጸጉር አስተካካዩ ከጆሮዬ በላይ ሽበት ለጠፈልኝ። ከ1943 ወዲህ እዚያ አካባቢ ጸጉር አልነበረኝም።

ትዕይንቱ ኑዛዜውን ሊያነቡ ዳኛው የሚመጡበት ነው። ቤተ ዘመዱ ተቀምጧል፣ ትንፋሽ የለም። ዦዜት ሮጣ ገባች።

«አጎቴ! ዳኛው ደረሱ!»

ጥርት አድርጌ ሰማኋት። ዳኛው ነው ያለችው። ግን አልቸኮልኩም። በመጀመሪያ አገጯን አየሁ፣ ሦስት ዓመት ሰው ሁሉ ፊት እንዳደረግኩት። ከዚያ ያልገባው ሰው የሚስቃትን ሳቅ ሳቅኩ። ያቺን ሳቅ ማንም አላስተማረኝም፤ በየገበያው፣ በየደረጃው፣ በገዛ ጠረጴዛዬ ላይ ስስቃት ኖሬአለሁ። ከዚያ ፊቴ በራ።

«ዳክዬው ደረሰ?» አልኩ። «እሰይ! ሞቅ እንዳለ ይቅረባ!» ፎጣዬን አንገቴ ላይ አሰርኩ፤ ዳኛው ሲገቡ ቢላዋና ሹካ ይዤ በፍቅር አየኋቸው።

አንድ ጊዜ ብቻ ነው የተቀረጸው። ካሜራ የያዘው ሰውዬ ከንፈሩን ነክሶ ደም አወጣ። የድምፅ ሠራተኛው ደግሞ መጥቶ እጄን ጨበጠኝ።

ማልሶ ጥግ ላይ ቆሞ ዓይኑን ይጠርግ ነበር። «ስቀህ ነው?» አልኩት። «እኔ እንጃ» አለኝ። «አያቴ ልክ እንደዚያ ነበር የሚስቀው።»

ዓርብ፣ ኦክቶበር 14

ቀረጻ አለቀ። ፖስተኛው ሟች አቅፎኝ ተሰናበተ። ማዳም ቦርኒሾን አንድ ድስት ሾርባ ለመንገድ። ባቡሩ ስድስት ሰዓት ላይ።

ቅዳሜ፣ ዲሴምበር 17፣ ቪላር-ሱ-ቪኝ

ዴልፑሽ ፊልሙን ከማንም በፊት ለመንደሩ ሰዎች ሊያሳይ ቃል ገብቶ ስለነበር ከክሎቲልድ ጋር ተመልሰን መጣን። የመንደሩ አዳራሽ ጢም ብሏል። ወንበሮቹ በረጅም ጣውላ ላይ በአንድነት የተመቱ ናቸው። ነጭ ጨርቅ ግድግዳው ላይ ወጥረዋል።

ስሜ ከፍ ብሎ ወጣ። ሦስተኛ ነው። በሕይወቴ ሁልጊዜ «እና ሌሎች» ውስጥ ነበርኩ።

ሙዚቃው ገና ስላልተስተካከለ ይጮሃል አልኩና መሣሪያዬን አውልቄ ኪሴ ከተትኩት። እውነቱን ለመጻፍ ግን ሙዚቃው አልነበረም። ባይስቁ አለመሳቃቸውን መስማት አልፈለግኩም።

ፀጥታ። ግድግዳው ላይ አንድ ራሰ በራ ሽማግሌ ይንቀሳቀሳል፣ አፉን ይከፍታል። እኔ ነኝ። ዓይኔን ጨፈንኩ። ሃያ ደቂቃ እንደዚያ የቆየሁ ይመስለኛል። እንኳን ካባሩን አልጋበዝኩት እያልኩ አስብ ነበር።

ከዚያ ወንበሬ ተንቀጠቀጠ።

መጀመሪያ ከውጭ ከባድ መኪና አለፈ ብዬ ነበር። ቆመ። እንደገና ተንቀጠቀጠ፣ ከፊተኛው በረታ። ከታች፣ በጣውላው በኩል፣ በጀርባዬ እየወጣ ትከሻዬ ድረስ መጣ። ዓይኔን ገለጥኩ። ከፊቴ ያሉት ጀርባዎች ሁሉ ይርገፈገፋሉ። የመንደሩ ሹም መሀረቡን አፉ ውስጥ ጎስጉሷል። ማዳም ቦርኒሾን በቡጢዋ የባሏን ጉልበት ትደበድባለች።

መሣሪያውን ከኪሴ አውጥቼ ጆሮዬ ላይ ሰካሁት።

የአዳራሹ ሳቅ እንደ ጎርፍ ገባ። ግን ያን ሁሉ አልፎ አንዱን ብቻ ነጥዬ ሰማሁ፤ ከአጠገቤ፣ በቀኜ፤ መጨረሻው ላይ ትንሽ እንደ ማስነጠስ የሚያደርገው፣ በወጣትነቷ ለማግባት ያስወሰነኝ የክሎቲልድ ሳቅ ነው። ከሦስት ዓመት ወዲህ መሳቅ ያቆመች መስሎኝ ነበር። እንዲያውም ተቀይሜያት ነበር።

«ምን ሆንክ?» አለችኝ፣ እንባዋን እየጠረገች።

«ምንም» አልኳት። «ቀጥዪ።»